ያቺ ጊደር ከአህያዋ ምን ተማረች?

ሰሞኑን ከጓደኞቼ ጋር ስለ አውስትራሊያ አጀማመር ስናወራ፣ የሲድኒ የመጀመሪያዎቹ አስተማሪዎች ከእንግሊዝ በግዞት የተጋዙ እስረኞች እንደነበሩ ነገርኳቸው። አንዱ ቀበል አድርጎ «በቃ፣ ከአህያ ጋር የዋለች ጊደር ፈስ ተምራ መጣች ነዋ!» አለ። ሁሉም ሳቀ። እኔን ግን ከነከነኝ።

ልጅ ሆኜ ከብት ጠብቄያለሁ። ክረምቱ ሊወጣ ሲል ሜዳችን ማገጥ በምንለው ቅጠለ ሦስት ሣር ይሸፈናል። ጤዛው ሳይረግፍ ላምም ጊደርም እዚያ አይገባም፤ ሆዳቸው ይነፋል። አህያ ግን ምንም አትሆንም፣ እርጥቡን ስትግጥ ትውላለች። አንድ ቀን ጨዋታ ይዞኝ አንዲት ጊደር አህያዋን ተከትላ ገባች። የግራ ጎኗ እንደ ከበሮ ተወጠረ። አያቴ ሆዷን እያሹ፣ ግቢውን እያዞሯት አመሹ። ነፋሱ ሲወጣላት ነው ሁላችንም የተነፈስነው።

ተረቱ የተወለደው እንዲህ ካለ ሜዳ ነው ብዬ አምናለሁ። ጊደሯ ከአህያዋ የቀሰመችው ትምህርት የለም። ለአህያ የተስማማው ሣር ለእሷ አልሆነም፣ አለቀ። ለእኔ የተረቱ ሆድ «ዋለች» የምትለው ቃል ናት፤ ጠባቂ ሳይኖራት ዋለች ማለት ነው።

ሲድኒ ላይ የሆነው ሌላ ነው። ኢዛቤላ ሮሰን በስርቆት ተፈርዶባት እ.ኤ.አ. በ1788 ከመጀመሪያዎቹ መርከቦች በአንዱ ደረሰች። በዓመቱ ልጆችን ሰብስባ ማስተማር ጀመረች። ሎረንስ ሃሎራን የ10 ፔንስ የፖስታ ክፍያ ለማስቀረት የአንድ የፓርላማ አባል ፊርማ አስመስሎ ጽፎ የ7 ዓመት ግዞት ተፈረደበት። በ1820 እዚያው ሲድኒ ትምህርት ቤት ከፈተ። የተማረ ነፃ ሰው በዚያ ሰፈራ ብርቅ ነበርና የተገኘው እስረኛ ያስተምር ነበር። ልጆቹስ ምን ሆኑ? ከለንደን የተላከው መርማሪ ጆን ቢግ፣ እዚያ የተወለዱት የወላጆቻቸውን ጥፋት አልወረሱም ብሎ ጻፈ።

ታዲያ ይህን ተረት ፊደል ያስቆጠረ ሰው ላይ መወርወር ተገቢ ነው? ዛሬ ልጅ ባጠፋ ቁጥር ጓደኛውን ወይ አስተማሪውን ለማሳጣት እናነሳዋለን። አያቴ ግን ያን ማታ አህያዋን ቀና ብለው እንኳ አላዩአትም። «አንተ የት ነበርክ?» ያሉት እኔን ነው።