የዊንዶውስ መግቢያ ፋይሎች

ዊንዶውስ ኮምፒውተር ላይ የይለፍ ቃላችንን ጽፈን ኢንተር ከተጫንን በኋላ ዴስክቶፑ እስኪመጣ የምንጠብቀው ጥቂት ሴኮንድ ነው። በዚያች ጊዜ ሲስተም32 በሚባለው ፎልደር ውስጥ ያሉ በርካታ ፋይሎች ሥራ ይቀባበላሉ። ብዙዎቹ ዲኤልኤል ናቸው። ዲኤልኤል ማለት ብቻውን የማይነሳ፣ ሌሎች ፕሮግራሞች በፈለጉት ጊዜ እየጠሩ የሚገለገሉበት የጋራ ኮድ ነው።

ሥራውን የሚመራው ዊንሎጎን የተባለው ፕሮግራም ነው። ተጠቃሚ ሲገባ፣ ሲወጣና ስክሪኑን ሲቆልፍ የሚከታተለው እሱ ነው። ኮንትሮል፣ አልትና ዲሊት አንድ ላይ ሲጫኑ መልእክቱ የሚደርሰው ለእሱ ነው፤ ተራ ፕሮግራም መሀል ገብቶ ሊጠልፈው አይችልም። በብዙ መሥሪያ ቤት ከመግባታችን በፊት ሦስቱን ቁልፎች እንድንጫን የምንታዘዘውም ለዚህ ነው፤ ከፊታችን ያለው ገጽ የዊንዶውስ እንጂ የይለፍ ቃል ለመስረቅ የተሠራ አስመሳይ እንዳልሆነ እናውቃለን። ብዙ ሰው ሲሰለችበት አያለሁ፤ ኮምፒውተሩን ብዙ እጅ በሚነካው ቦታ ግን ሦስት ቁልፍ መጫን ትልቅ ጥቅም አለው።

ኤንቲ ከተባሉት ቀደምት የዊንዶውስ ስሪቶች አንስቶ እስከ ኤክስፒ ድረስ ስምና የይለፍ ቃል የሚቀበለው አንድ ፋይል ነበር፤ ኤምኤስጂና.ዲኤልኤል ይባላል። ማይክሮሶፍት ሌሎች ኩባንያዎች በራሳቸው ፋይል እንዲተኩት ፈቅዶ ስለነበር ኖቬል የተባለው ኩባንያ ኤንደብሊውጂና የተባለውን ለኔትዎርክ ደንበኞቹ ሠርቷል። ችግሩ ቦታው አንድ ብቻ መሆኑ ነው። የጣት አሻራ ማንበቢያ የሚሸጠውም፣ የኔትዎርክ ሶፍትዌር የሚሸጠውም ያችኑ ቦታ ይፈልጋሉ። ሬጂስትሪ በሚባለው የዊንዶውስ የቅንብር መዝገብ ላይ የተመዘገበው ምትክ ፋይል ከጠፋ ወይም ከተበላሸ ደግሞ የመግቢያው ሳጥን ጭራሽ አይመጣም፤ ባለቤቱ ከገዛ ኮምፒውተሩ ደጅ ይቀራል። ቀጣዩ ስሪት ቪስታ እ.ኤ.አ. በ2007 ለሽያጭ ሲቀርብ ይህ አሠራር ቀረ። በምትኩ ክሬደንሻል ፕሮቫይደር የሚባሉ ዲኤልኤሎች መጡ፤ አንዱ የይለፍ ቃል፣ ሌላው ስማርት ካርድ፣ ሌላው አሻራ ይቀበላል፤ ጎን ለጎንም ይሠራሉ።

እነዚህ ግን ተቀባዮች ብቻ ናቸው። ይግባ ወይስ አይግባ የሚለውን የሚወስነው ኤልሳስ የተባለው የዊንዶውስ ፕሮግራም ነው። ተጠቃሚው የዚያው ኮምፒውተር ከሆነ፣ ኤልሳስ ኤምኤስቪ1_0.ዲኤልኤልን ይጠራል፤ እሱም የይለፍ ቃሉን ወደ ሃሽ (ተመልሶ ወደማይነበብ የኮድ መልክ) ቀይሮ ሳም ከተባለው የተጠቃሚዎች መዝገብ ጋር ያመሳክራል። መሥሪያ ቤቱ ዶሜን (ተጠቃሚዎችን ከአንድ ማእከል የሚያስተዳድር ኔትዎርክ) ካለው ሥራው የከርቤሮስ.ዲኤልኤል ይሆናል፤ ማረጋገጫውም ከዶሜን ሰርቨሩ ይመጣል። ካለፈ ኤልሳስ ቶክን ይሰጠዋል። ቶክኑ የተጠቃሚውን መለያ ቁጥር፣ ያለባቸውን ግሩፖችና መብቶቹን ይይዛል፤ ከዚያ በኋላ የሚከፍታቸው ፕሮግራሞች በሙሉ ይህን ይዘው ይሄዳሉ። አንዱ ፎልደር ለወንድማችሁ ተከፍቶ ለእናንተ እምቢ የሚለው ቶክናችሁ ስለሚለያይ ነው።

ለእያንዳንዱ የገባ ሰው የራሱ ሴሽን (ከሌሎች የተለየ የሥራ ክፍል) ይከፈታል። ሁለት ሰው በአንድ ማሽን ተራ በተራ ሲሠራ የአንዱ መስኮቶች ሳይዘጉ የሚቆዩት በዚህ ነው። ከቪስታ ወዲህ ሴሽን 0 ለሲስተሙ አገልግሎቶች ብቻ ተለይቷል፤ ሰው የሚገባው ከ1 ጀምሮ ነው።

ሚስጥሩ ሁሉ ኤልሳስ ዘንድ ስለሚሰበሰብ አጥቂዎችም ዓይናቸውን የጣሉት እሱ ላይ ነው። በ2004 ሳሰር የተባለው ዎርም (በራሱ የሚዛመት ጎጂ ፕሮግራም) በኤልሳስ ጉድለት ገብቶ በዓለም ዙሪያ ተዛመተ፤ በተጠቁት ማሽኖች ላይ ከ60 ሴኮንድ ጀምሮ ወደ ታች የሚቆጥር ሳጥን ይመጣና ኮምፒውተሩ ጠፍቶ ይነሳ ነበር። ማይክሮሶፍት መጠገኛውን ያወጣው ሁለት ሳምንት ቀደም ብሎ ነበር፤ የተጎዱት ያልጫኑት ናቸው። በ2011 ደግሞ ፈረንሳዊው ቤንጃሚን ዴልፒ ሚሚካትዝ የተባለ መሣሪያ ለቀቀ። ኤልሳስ የሚጠራው ሌላ ፋይል፣ ደብሊውዳይጀስት.ዲኤልኤል፣ የይለፍ ቃሉን ሊገለበጥ በሚችል መልክ ሜሞሪ ውስጥ እንደሚያስቀምጥ፣ የአስተዳዳሪ መብት ያለው ሰው ፊደል በፊደል ሊያነበው እንደሚችል አሳየ። ዊንዶውስ 8.1 ይህን ልማድ ከመነሻው ዘጋው፤ ዊንዶውስ 10 ደግሞ ክሬደንሻል ጋርድ በተባለው ዘዴ ሚስጥሮቹን ከዋናው ሲስተም በተነጠለ ስፍራ ማስቀመጥ ጀመረ።

ከእነዚህ ፋይሎች አንዱ ጎድሏል የሚል መልእክት ከመጣ ዲኤልኤሉን ከማይታወቅ ድረ ገጽ አውርዶ ሲስተም32 ውስጥ መጨመር የይለፍ ቃልን ለባዕድ ማስረከብ ሊሆን ይችላል። ዊንዶውስ ራሱ ሲስተም ፋይል ቼከር የሚባል መጠገኛ አለው፤ በአስተዳዳሪ መብት ኮማንድ ፕሮምፕት ከፍቶ እሱን ማስኬድ የተበላሸውን ፋይል በትክክለኛው ይተካል።