ያለ ደመወዝ ፈቃድ ላይ ያለ ሠራተኛና የጡረታ መብቱ

አዳማና አካባቢዋ የመንግሥት የልማት ድርጅት ሠራተኛ የበዛበት ቦታ ነው። ወንጂ ስኳር ፋብሪካ በ1946 ዓ.ም. ማምረት ከጀመረ ወዲህ በእሱ ደመወዝ ያደጉ ብዙ ቤተሰቦች አሉ። መብራት ኃይል፣ ቴሌና ንግድ ባንክም እንዲሁ ሰው ቀጥረው ያሳድራሉ። ከነዚህ ሠራተኞች መካከል አንዳንዱ የታመመ ወላጅ ለማስታመም ወይም የራሱን ሥራ ለመሞከር ያለ ደመወዝ ፈቃድ ይወጣል። ዕድሜው ሃምሳን ሲያልፍ ደግሞ ጥያቄው ይመጣል። ወደ ሥራ ሳልመለስ ጡረታ መውጣት እችላለሁ?

ነገሩን የሚያወሳስበው ሠራተኛው በሁለት አዋጅ ሥር መሆኑ ነው። ቅጥሩ፣ ፈቃዱና ስንብቱ የሚመራው በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። ጡረታው ግን በመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ አዋጅ ቁጥር 1267/2014 ይታያል። ስለዚህ መምህር ወይም የወረዳ ሠራተኛ የሆነ ጎረቤት ስለ ፈቃዱ የሚመክረው ምክር እዚህ ላይሠራ ይችላል። የእሱ ቅጥር በሌላ ሕግ ነው።

ከፈቃዱ እንጀምር። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ በመብት ደረጃ የሚሰጠው ያለ ደመወዝ ፈቃድ አጭር ነው። ለየት ያለና ከባድ ችግር ሲገጥም እስከ 5 ተከታታይ ቀን፣ ያውም በበጀት ዓመት ከሁለት ጊዜ ያልበለጠ። የወራትና የዓመታት ፈቃድ የሚገኘው በድርጅቱ ይሁንታ ወይም በኅብረት ስምምነት ነው። ከተፈቀደ በኋላ የሥራ ውሉ ለጊዜው ይታገዳል እንጂ አይቋረጥም። ሠራተኛው አይሠራም፣ ድርጅቱም አይከፍልም፤ ቅጥሩ ግን በሕይወት አለ። ትልቁ ነጥብ ይሄ ነው። ውሉ እስካለ ድረስ ፈቃድ ላይ ያለ ሰውም በገዛ ፈቃዱ ለመልቀቅና ጡረታውን ለመጠየቅ ማመልከት ይችላል። የመልቀቂያ ማስጠንቀቂያው 30 ቀን ነው።

የጡረታው መደበኛ ዕድሜ 60 ነው፤ ቢያንስ 10 ዓመት ማገልገልም ያስፈልጋል። ቢያንስ 25 ዓመት ያገለገለ ሰው ግን በራሱ ጥያቄ ሲለቅ አበሉ ከ55 ዓመቱ ጀምሮ ይከፈለዋል። በ52 ዓመቱ ቢለቅ ሦስት ዓመት ይጠብቃል ማለት ነው። ዕድሜው የሚታየው መጀመሪያ ሲቀጠር ባስመዘገበው የልደት ዘመን ነው። ኋላ ላይ የሚመጣ የልደት ካርድ አያድነውም።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው በአገልግሎት ዘመኑ ላይ ነው። መዋጮ የሚሰላው ከደመወዝ ነው፤ 7 ከመቶ ከሠራተኛው፣ 11 ከመቶ ከድርጅቱ። ደመወዝ በሌለበት ወር ሁለቱም ገቢ አይሆኑም። 23 ዓመት ሠርቶ ሁለት ዓመት ፈቃድ የወጣ ሰው «25 ሞላኝ» ብሎ ቢያመለክት ፋይሉ ላይ የሚጠብቀው ሌላ ቁጥር ሊሆን ይችላል። ማመልከቻ ከመጻፉ በፊት የተያዘለትን አገልግሎት ከሰው ኃይል ክፍል በጽሑፍ ይቀበል። በአፍ «ችግር የለውም» መባል ብቻውን አይበቃም።

የአንድ ዓመት ልዩነት ቀላል አይደለም። አበሉ የሚሰላው ከመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት አማካይ ደመወዝ ነው። ለመጀመሪያዎቹ 10 ዓመታት 30 ከመቶ፣ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 ከመቶ ይጨመራል፤ ጣሪያው 70 ከመቶ ነው። አማካይ ደመወዙ 12,000 ብር የሆነ የ25 ዓመት ሠራተኛ 48.75 ከመቶ ይደርሰዋል፤ በወር 5,850 ብር። 24 ዓመት ላይ የቀረ ሰው ግን 150 ብር ብቻ አይደለም የሚያጣው። የ55 ዓመቱ በር ራሱ ይዘጋበታል። እንዲህ ላለው ሰው ተመልሶ የጎደለችውን ዓመት መሙላት ያዋጣዋል ባይ ነኝ።

ፈቃዱ ሲያልቅ በማግስቱ ባለው የሥራ ቀን ሪፖርት ማድረግ ግዴታ ነው፤ ድርጅቱም የመቀበል ግዴታ አለበት። «ከዚህ በኋላ ለምን ብዬ እሄዳለሁ» ብሎ ቤት መቅረት አደገኛ ነው። ከሥራ በመቅረት ሊሰናበት ይችላል፤ ያኔ በክብር የሚያልቀው ጉዳይ ክርክር ውስጥ ይገባል። ማመልከቻው የፈቃዱ ቀን ሳያልቅ ይግባ። ቁጥርና ቀን ያለበት ግልባጭም ከእጅ አይጥፋ።

ከፈቃዱ በፊት የተጠራቀመ የዓመት ዕረፍት ካለ ውሉ ሲቋረጥ ወደ ገንዘብ ይለወጣል። ቀሪ ክፍያዎችም በ7 የሥራ ቀናት ውስጥ መከፈል አለባቸው። ሠራተኛው ንብረት ሳያስረክብ ከቆየ ግን ቀኑ ይራዘማል፤ ስለዚህ ክሊራንሱን አስቀድሞ መጨረስ ይሻላል።