የፍሪላንስ ፊልም ኤዲተርና ፕሮዲውሰር ስራ በአዲስ አበባ ዳርቻ

ፍሪላንስ ኤዲተር የሚባለው የወር ደሞዝ የሌለው፣ በፕሮጀክት ተዋውሎ የተቀረጸውን ቆርጦ ቀጥሎ ፊልም የሚያደርግ ባለሙያ ነው። እኛ ጋ ግን ሰውየው እዛ ላይ አይቆምም፣ ቅዳሜ ሰርግ ይቀርጻል፣ ሰኞ የሙዚቃ ክሊፕ ከለር (የምስሉን ቀለም ማስተካከል) ይሰራል፣ መሀል ላይ ማስታወቂያ ይገባል፣ ፊልሙ ማታ ማታ ነው የሚሰራው። ብዙዎቹ አያት፣ ቱሉ ዲምቱ፣ ኮዬ ፈጬ፣ ጀሞ ምናምን ነው ያሉት፣ መሀል ከተማ ኪራይ አይቀመስማ፣ ኮምፒውተርና ጸጥ ያለ ክፍል ካለ ደሞ ስራው የትም ይሰራል።

ሙያው እንዲህ የሰፋው እ.ኤ.አ. ከ2000 ወዲህ ፊልሞቻችን በቪዲዮ ካሜራ እየተቀረጹ ሲኒማ ቤት መግባት ሲጀምሩ ነው። ዛሬ ዳቪንቺ ሪዞልቭ የሚባለው የኤዲቲንግ ሶፍትዌር ነጻ ቨርዥን ስላለው ለጀማሪ የበለጠ ቀሏል።

ቀረጻው ያለበት የካሜራ ካርድ ሲመጣ መጀመሪያ ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ ይገለበጣል። ፎርኬ (4K፣ በጣም ጥራት ያለው ምስል) በሰከንድ በ100 ሜጋቢት ከተቀረጸ 1 ሰዓቱ 45 ጊጋባይት ገደማ ስለሚይዝ በኢንተርኔት ልላክ ቢባል አይሞከርም፣ ዲስኩን ቦርሳ ውስጥ ከቶ ታክሲ መሳፈር ነው። ከዛ ድምጹ ከምስሉ ጋር ሲንክ ይደረጋል (እንዲገጥም ይደረጋል)፣ ራፍ ከት የሚባለው የመጀመሪያው ያልተጣራ ቅንብር ይወጣል። መብራት ሲሄድ ዩፒኤሱ (የኮምፒውተሩ መጠባበቂያ ባትሪ) ጢጥ ጢጥ እያለ የሚሰጠው ጊዜ ሴቭ አድርጎ ለመዝጋት ብቻ ነው።

የኤዲተር ችሎታ የሚታየው ግን ሌላ ቦታ ነው። መርዶ የምትረዳ እናት አለች እንበል፣ በጠዋት በሩን ስትከፍት ጎረቤቶቿ ነጠላ አዘቅዝቀው ቆመዋል። ስክሪፕቱ ላይ ሽማግሌው የሚናገረው ረጅም ንግግር አለ፣ ጎበዝ ኤዲተር እሱን ያወጣውና ገና ምንም ሳይሏት ዝም ብላ የምታያቸውን 50 ፍሬም ይተዋል። በሰከንድ 25 ፍሬም ስለሆነ 2 ሰከንድ ማለት ነው፣ ተመልካች እንባው የሚመጣው እዛ ጋ ነው።

ኤዲተሩ ፕሮዲውሰር የሚሆነው ደሞ አብዛኛውን ጊዜ ብር ሲያልቅ ነው። ቀረጻው በጀቱን ይጨርሰዋል፣ ኤዲተሩ በክፍያው ፈንታ ድርሻ ይይዛል፣ ከዛ ሳውንድ ሚክሱን፣ ትሬለሩን፣ ፖስተሩን፣ የሲኒማ ቤት ቀጠሮውን ሁሉ ራሱ ይሯሯጥበታል። በዚህ መንገድ ትልቁ ሰው የፊልም ሰሪው ኃይሌ ገሪማ ነው፣ ሳንኮፋ የሚባለውን ፊልም (እ.ኤ.አ. 1993) ጽፎ፣ ፕሮዲውስና ዳይሬክት አድርጎ፣ ኤዲት አድርጎ፣ አከፋፋዮች አንቀበልም ሲሉት አሜሪካ ውስጥ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ራሱ አሳይቶታል።

ገንዘቡ ላይ የሙያው ልጆች የሚመካከሩት አንድ ነገር አለ፣ ግማሹን ስራ ሲጀመር ተቀበል፣ ቀሪው ሳይገባ ዋተርማርክ (ምስሉ ላይ የሚታተም የባለቤት ምልክት) የሌለው ፋይል አትስጥ። ስምም እንደዛው ውል ላይ ይጻፍ። እኔ 4 ወር የለፋሁበት ፊልም ስሜ ሳይኖርበት ሲኒማ ገብቶ አይቻለሁ፣ በጣም ያማል፣ ከዛ ወዲህ የሰራተኞቹን ስም በሙሉ ገና ራፍ ከቱ ላይ ነው የማስገባው፣ መብራት የያዘውን ልጅ ሳይቀር።