የመንዝ ጓሳ እና የቄሮ ሥርዓት

የመንዝ ጓሳ የማኅበረሰብ ጥብቅ ሥፍራ በሰሜን ሸዋ፣ በመንዝ ጌራ ምድር ወረዳ፣ ከመሐል ሜዳ ከተማ አቅራቢያ የሚገኝ፣ ስፋቱ ወደ 100 ስኩዌር ኪሎ ሜትር የሚጠጋና ከፍታው ከባሕር ወለል በላይ ከ3,000 ሜትር የሚበልጥ ውርጫም ደጋ ነው። ስሙን ያገኘው ከጓሳ ሣር ሲሆን፣ ይህ ሣር ለመንዝ ሰው የቤት ክዳን፣ ገመድ፣ መኝታና ለከብቱም መኖ ነው። በጓሳ በወጉ የተከደነ ጎጆ የደጋውን ዝናብ ለብዙ ክረምት ይችላል።

አካባቢው በ17ኛው ክፍለ ዘመን ገደማ አስቦ እና ጌራ በሚባሉ ሁለት አውራ አባቶች እንደተያዘና ወሰኑም በፈረስ ግልቢያ እንደተለየ በአፈ ታሪክ ይነገራል። ጓሳ በጋራ የሚጠበቅበትና የሚታጨድበት የቆየው ደንብ፣ የቄሮ ሥርዓት፣ የቆመው ከእነዚህ አባቶች በሚወርደው የዘር ሐረግ ላይ ነው። ሕዝቡ በየወገኑ የሚመርጠው አለቃ ሣሩ እንደልብ እስኪያድግ ድረስ ጓሳን ለ3 ወይም ለ5 ዓመት፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ይዘጋ ነበር፤ አባወራዎችም በተራ ይጠብቁት ነበር። ሣሩ ሲደርስ በጋው በጠነከረ ጊዜ ይከፈትና ባለመብቱ ሁሉ ማጭዱን ይዞ በአንድ ጊዜ ይገባ ነበር፤ ከአጨዳው በኋላ ከብት ይሰማራ ነበር፤ ሐምሌ 5 ቀን የሐዋርያት ጾም ሲፈታ ደግሞ ተመልሶ ይዘጋ ነበር። በዝግ ጊዜ ሣር ሰርቆ ቤቱን የከደነ ሰው ቤቱ እስከመቃጠል የሚደርስ ቅጣት ነበረበት። ጉልበተኛው ቀድሞ እንዳያጭድ፣ ከብተ ብዙውም ብቻውን እንዳይግጥ ያደረገው ይህ ጥብቅነት ነው።

ሆኖም መብቱ የርስተኞች ነበር፤ ከሁለቱ አባቶች የማይወለድ ሰው በራሱ ስም ድርሻ አልነበረውም። የ1967ቱ የገጠር መሬት አዋጅ ርስትን ሲሽር ቄሮም አብሮ ፈረሰ። ሽማግሌዎች ይህን ዘመን ጓሳ ባለቤት ያጣበት ጊዜ አድርገው ያስታውሱታል፤ ርስት ላልነበረው ጎረቤታቸው ግን ሣሩ የተከፈተለት ዘመን ነበር ማለት ይቻላል።

ዛሬ ሥፍራው በክልሉ ደንብ ታውቆ፣ ከአዋሳኝ ቀበሌዎች የተውጣጣ ምክር ቤት ያስተዳድረዋል፤ የመጠቀም መብትም በዘር ሐረግ መሆኑ ቀርቶ በቀበሌ ነዋሪነት ሆኗል። ቀይ ቀበሮና ጭላዳ ለማየት የሚመጣው እንግዳ በማኅበረሰቡ ማረፊያ ያድራል፤ የአካባቢው ሰዎችም ይመሩታል።