ፔስትራ፣ ፎን፣ ቶንዶዝ፦ የፀጉር መሥሪያ ዕቃዎች ገበያ በኢትዮጵያ

የበዓል ዋዜማ ነው፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት። ፀጉር ቤቱ ጢም ብሏል። ሁለት ሴቶች ፀጉራቸው እንዲደርቅ ካስክ ውስጥ ገብተዋል፣ አንዷ በፔስትራ እየተተኮሰች ነው፣ ሦስቱ በሩ ላይ ወረፋ ይዘዋል። ድንገት መብራት ጠፋ። ካስኩ እያቃሰተ ዝም አለ። ግማሽ ፀጉሯ የተተኮሰ፣ ግማሹ የተንጨባረረ ደንበኛ በመስታወቱ ውስጥ የቤቱን ባለቤት አየቻት። ባለቤቷ ስልኳን አንስታ ጀነሬተር ያለው ጎረቤት ጋ ደወለች።

ስለዚህ ገበያ ለማውራት ከዚህ መነሳት ይሻላል። እኛ ጋ ማድረቂያው ፎንና መተኮሻው ፔስትራ ከቤት ዕቃነታቸው ይልቅ የሥራ ዕቃነታቸው ይበልጣል። ገበያውን የያዘችው ፀጉር ቤት ያላት ሴት ናት። የወንዶች ፀጉር መላጫውን ቶንዶዝ ደግሞ ፀጉር አስተካካዩ ይገዛዋል። እነሱ ዕቃ የሚመርጡት በመልኩ አይደለም። ስንት ፀጉር ሠርቶ ይቃጠላል፣ ቢበላሽ ማን ይጠግነዋል፣ መብራት ሲዋዥቅ ይችላል ወይ ብለው ነው። የዋጋውም የጥገናውም የኮፒውም ነገር የሚመነጨው ከዚህ ነው።

ስሞቹ ከየት መጡ

ዕቃዎቹ ከባሕር ማዶ ስለመጡ ስማቸውም አብሮ መጥቷል። ፔስትራ የጣሊያንኛው ፒያስትራ ነው፣ ጠፍጣፋ ሰሌዳ ማለት። ካስክ በጣሊያንኛም በፈረንሳይኛም የራስ ቁር ነው። ዕቃውን አንዴ ያየ ሰው ለምን እንዲህ እንደተባለ አይጠይቅም። ቶንዶዝ ፈረንሳይኛ ነው፣ መሸለቻ እንደማለት። የፀጉር መጠቅለያው ቢጎዲንም ከጣሊያን የመጣ ነው።

የፎን ጉዞ ትንሽ ይረዝማል። ፎን ከአልፕስ ተራሮች ቁልቁል የሚወርድ ሞቃትና ደረቅ ነፋስ ስም ነው። በ1908 እ.ኤ.አ. አንድ የበርሊን ኩባንያ ስሙን የንግድ ምልክት አድርጎ አስመዘገበው። ጣሊያኖች ማድረቂያውን በዚሁ ስም ለመዱት። የአልፕስ ነፋስ እንዲህ እያለ አዲስ አበባ ፀጉር ቤት ገባ።

ዕቃዎቹ ራሳቸው ከዚህም ያረጃሉ። ፈረንሳዊው ማርሴል ግራቶ በ1872 እ.ኤ.አ. በጋለ መቆንጠጫ ፀጉር ማጠቅለል ጀመረ። ሌላው ፈረንሳዊ አሌክሳንደር ጎድፍሯ በ1890 አካባቢ ሴቶች ሥሩ ተቀምጠው የሚደርቁበትን የመጀመሪያ ማድረቂያ ሠራ። የካስክ አያት ልንለው እንችላለን። አሜሪካዊው ሊዮ ዋል ደግሞ በ1921 የኤሌክትሪክ ቶንዶዙን የፈጠራ መብት አገኘ።

እኛ ጋ ከመብራቱ በፊት ከሰል ነበር። የብረት ማበጠሪያው ፍም ላይ ይግላል። መጀመሪያ በእርጥብ ጨርቅ ይሞከራል። ጨርቁን ካሳረረው ጥቂት እንዲበርድ ይጠበቃል። ከዚያ ቅቤ ወይም ቫዝሊን የጠጣው ፀጉር ላይ ሲያርፍ ጭስስ ይላል። በዚያ ያለፉ ሴቶች ዛሬም ፔስትራ ወደ ጎን ሲቀርብ ሳያስቡት ጆሯቸውን በጣታቸው ወደ ታች ያጥፋሉ። የጆሮ ጫፍ ጠባሳ በቀላሉ አይረሳም።

ከቻይና እስከ መርካቶ

ገበያው የቆመው በገቢ ዕቃ ነው። አብዛኛው ከቻይና ይመጣል። ዠጂያንግ ክፍለ ሀገር ውስጥ ሲሺ የምትባል ከተማ አለች፣ ትንንሽ የቤት ኤሌክትሪክ ዕቃ በማምረት የታወቀች። እዚያው ክፍለ ሀገር ውስጥ የጅምላ ገበያዋ ዪዉ ትገኛለች። ከደቡብ ደግሞ ጓንግዡ አለች፣ ከአዲስ አበባ የቀጥታ በረራ ያላት። ነጋዴዎቻችን መንገዱን በቃላቸው ያውቁታል። ዱባይ አሁንም የመሃል ጣቢያ ናት፣ በተለይ ኮንቴይነር ለማይሞላ አነስተኛ ነጋዴ።

ብዛት ያለው ዕቃ በመርከብ ጅቡቲ ይደርሳል፣ ከዚያ ሞጆ ደረቅ ወደብ። ጥቂት ከሆነና ከተቸኮለ በአየር ቦሌ ይገባል። ከምሥራቅ ደግሞ ሌላ መንገድ አለ። በድንበር ከተማዋ ቶጎ ጫሌ በኩል ያለ ቀረጥ የሚገባው ዕቃ ለብዙ ዓመታት የጅግጅጋንና የድሬዳዋን ገበያ ሲመግብ ኖሯል። ድሬዳዋ ታይዋን የሚባለውን ገበያ የረገጠ ሰው ይህን ከእኔ አይማርም።

የጉምሩኩ አመዳደብ ደስ ይለኛል። በዓለም አቀፉ የታሪፍ መጽሐፍ የፎን ቁጥር 8516.31 ነው፣ የፔስትራና የመሳሰሉት 8516.32። በዚሁ 8516 ውስጥ የልብስ ካውያም አለ። እኛ ቀድሞውንም ለልብሱም ለፀጉሩም “መተኮስ” ነው የምንለው። ቶንዶዝ ግን ከጢም መላጫ ጋር ወደ 8510 ይሄዳል።

ቀረጡ አንዱ በሌላው ላይ ይደራረባል። የጉምሩክ ቀረጥ እንደየዕቃው ከዜሮ እስከ 35 በመቶ ነው። በገቢ ዕቃ ላይ የሚጨመረው ሱር ታክስ 10 በመቶ፣ ተጨማሪ እሴት ታክስ 15 በመቶ። የኋለኛው የሚሰላው የፊተኛው ከተደመረ በኋላ ስለሆነ ሱቅ የሚደርሰው ዋጋ ፋብሪካ በር ላይ ከነበረው ጋር ዝምድናው የሩቅ ነው።

አዲስ አበባ ውስጥ ጅምላው መርካቶ ነው። ሲኒማ ራስ አካባቢ ያሉት የኤሌክትሮኒክስ ሱቆች አሉ፣ ዱባይ ተራ አለ። ካስክና የፀጉር ማጠቢያ ወንበር ያሉ ትልልቅ ዕቃዎች የሚሸጡት የፀጉር ቤት ዕቃ ብቻ በሚይዙ ሱቆች ነው። እነሱ ጋ ፀጉር ቤት የምትከፍት ሴት ሙሉ ዕቃውን በአንድ ቀን አስጭና መሄድ ትችላለች፣ እስከ ቢጎዲኑ። ፒያሳም የራሷ ደንበኞች ነበሯት። በ2016 ዓ.ም. የኮሪደር ልማቱ ሲመጣ ብዙዎቹ ሱቆች ፈረሱ፣ ነጋዴዎቹም ወደየሰፈሩ ተበተኑ።

ዶላርና ፔስትራ

የፔስትራን ዋጋ ፋሽን አይወስነውም። ዶላር ነው የሚወስነው። ለዓመታት የውጭ ምንዛሪ ወረፋ ላይ መድኃኒትና ነዳጅ ሲቀድሙ የፀጉር ዕቃ መጨረሻ ላይ ነበር። በጥቅምት 2015 ዓ.ም. ገንዘብ ሚኒስቴር ለ38 ዓይነት ዕቃዎች የውጭ ምንዛሪ እንዳይፈቀድ አገደ። መዋቢያና ሽቶም በዝርዝሩ ውስጥ ነበሩ። ሻምፑውን፣ ቅባቱንና ፔስትራውን የሚያመጣው ብዙ ጊዜ አንድ ነጋዴ ነው። አንዱ እጁ ሲታሰር ሌላውም ይደነዝዛል። የሚገባው ዕቃ ሒሳቡ በጥቁር ገበያ ዶላር ይሠራ ጀመር።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ብሔራዊ ባንክ የምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ለቀቀው። የ38ቱ ዕቃዎች እገዳም አብሮ ተነሳ። በዋዜማው 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በመጀመሪያው ቀን 74 አለፈ። በሳምንታት ውስጥ ከ100 በላይ ሆነ። ዕቃው እንደ ልብ ለመግባት በሩ ተከፈተ፣ ዋጋው ግን ሌላ ሆኖ ነው። መደርደሪያ ላይ ከዓመት በፊት የተቀመጠ ፎን ሳይቀር አብሮ ጨመረ። ለምን ሲባል ነጋዴው “ይሄን ሸጬ በምን ልተካው?” ይላል። ገዢ ሆነው ሲሰሙት ያናድዳል። ሒሳቡ ግን ልክ ነው።

የፀጉር ቤት ባለቤቶች ብልሃት ለወጡ። ሁለት ካስክ ይገዙ የነበሩ አንድ ገዙ። ሌሎች ከተዘጋ ፀጉር ቤት ያገለገለ ዕቃ አነሱ። ርካሽ ኮፒውም በዚህ ክፍተት ገባ።

ኦርጅናሉና ኮፒው

የወንዶች ፀጉር አስተካካይ ስለ ቶንዶዝ ሲያወራ ስለ መኪና የሚያወራ ይመስላል። ዋል እና በዋል ኩባንያ ሥር ያለው የጀርመኑ ሞዘር የክብር ስሞች ናቸው። ጀማሪው ግን ኬሜይ ወይም ቪጂአር ይይዛል። የቻይና ናቸው፣ ዋጋቸው ይቀመሳል፣ ባትሪያቸው ይሞላል። ከቅርብ ዓመታት ለውጦች ሁሉ ትልቁ ይህ ባትሪ ይመስለኛል። ገመድ ያለው ቶንዶዝ መብራት ሲጠፋ ብረት ነው። ባለ ባትሪው ግን ግማሽ የተላጨ ደንበኛን ከጭንቀት ያወጣል። ጠንቃቃ ባለሙያ ሁለት ይይዛል፦ አንዱ ሲሠራ ሌላው ይሞላል።

ለቤት የሚገዛውም ቶንዶዝ ነው። ኤችአይቪ ካስፈራበት ዘመን ጀምሮ የራሱን ቶንዶዝ በፌስታል ይዞ ፀጉር ቤት የሚሄድ ሰው ነበር። አስተካካዩም ደንበኛው እያየ ምላጩ ላይ አልኮል አርከፍክፎ ክብሪት ይጭርበታል። ሰማያዊው ነበልባል ቦግ ብሎ ይጠፋል። በ2012 ዓ.ም. ኮሮና ሲመጣ የራስን ይዞ የመሄዱ ነገር ተባብሶ ብዙ ሰው ልጆቹን እቤቱ መላጨት ጀመረ። የአንዳንዶቹን ልጆች ፀጉር አይቼ ማዘኔን አልደብቅም።

ፔስትራ ላይ የሚበዛው ማጭበርበሪያ ቁጥር ነው። ሻጩ “450 ይደርሳል!” ይላል፣ ገዢዋም ትደነቃለች። 450ው ፋራናይት ነው። በእኛ መለኪያ 232 ዲግሪ ሴልሺየስ ማለት ነው። ያም ቢሆን ለብዙ ፀጉር ከሚበቃው በላይ ነው። ለስስ ወይም ቀለም ለተቀባ ፀጉር ከ180 ባይዘል ይመረጣል። ርካሹ ፔስትራ ችግሩ ሙቀቱን መቆጣጠር አለመቻሉ ነው። ማብሪያና ማጥፊያ ብቻ አለው፣ ሌላው በባለሙያዋ እጅ ነው። ሴራሚክ የተባለው ሰሌዳም አንዳንዱ ቅብ ብቻ ስለሆነ ሲላጥ ፀጉር ይይዛል። የለመዱ ገዢዎች ሰሌዳዎቹን ገጥመው ወደ ብርሃን ያያሉ። በመሃል ብርሃን ከገባ ይመልሱታል። ገመዱንም ይጨብጣሉ፣ ቀጭን ከሆነ ዋጋው ላይ ክርክር የለም።

የእንግሊዙ ኩባንያ ዳይሰን በ2016 እ.ኤ.አ. ሱፐርሶኒክ የሚባለውን ፎን በ399 ዶላር ሲያወጣ ዓለም ሁሉ ጉድ አለ። አሁን መሃሉ ቀዳዳ የሆነ፣ እሱን የሚመስል ማድረቂያ በየሱቁ አለ። መልኩን መኮረጅ ቀላል ነው። ሞተሩ ነው ያስቸገረው።

ሽያጩ ቴሌግራምና ቲክቶክ ላይ ወጥቷል። ሻጯ ፀጉሯን ግማሹን ተኩሳ በቪዲዮ ታሳያለች፣ ከሥር “ዋጋ በውስጥ መስመር” የሚል ጽሑፍ አለ። ይቺ ነገር ታበግነኛለች። ክፍያው ግን ቀሏል። ቴሌብር በግንቦት 2013 ዓ.ም. ከተጀመረ ወዲህ ሐዋሳ ያለች ሴት መርካቶ ሳትረግጥ ከፍላ ፔስትራውን በአውቶብስ ታስልካለች።

ከውጭ የመጣ ስጦታ

የአክስቴ ልጅ ከዋሽንግተን ፎን ላከችልን። ሳጥኑ ራሱ ያምራል። ሶኬቱ አልገባ ሲል ማገናኛ ተገዛ። ተሰካ፣ ጮኸ፣ ከአፉ ቀይ ብርሃን ወጣ፣ ሽታው ቤቱን ሞላው። ሦስት ሰከንድ አልቆየም።

ምክንያቱ ቀላል ነው። አሜሪካ መብራቱ 120 ቮልት አካባቢ ነው፣ እኛ ጋ 220። ቮልቱ በእጥፍ ሲጠጋ የማሞቂያው ሽቦ የሚስበው ኃይል በእጥፍ ብቻ አይጨምርም፣ ከሦስት እጥፍ ያልፋል። ማገናኛው የሶኬቱን ቅርጽ ነው የሚለውጠው፣ ቮልቱን አይነካም። ስለዚህ አሜሪካ ያላችሁ ከመላካችሁ በፊት ከእጀታው ላይ ያለችውን ትንሽ ጽሑፍ አንብቡ። 100–240 ቮልት ካለ ይላክ። ፔስትራ ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው፣ ፎን ግን ከስንት አንዱ። ከእስራኤልና ከኤምሬትስ የሚመጣው ቮልቱ ይስማማል፣ ሶኬቱ ነው የሚለየው። ከዱባይ የሚመጣው ሦስት ጥርስ ያለው የእንግሊዝ ሶኬት ነው። ልቅ ማገናኛ ላይ 2000 ዋት ሲጫን ላስቲኩ ይቀልጣል።

2000 ዋት ትንሽ አይደለም። ሁለት ፎን አንድ ላይ ሲሠሩ ከኤሌክትሪክ ምጣድ ጋር ይስተካከላሉ። ለዚህ ነው ኮንዶሚኒየም ሥር ያለ ፀጉር ቤት ቅዳሜ ጠዋት ሁሉንም ሲያበራ ቆጣሪው ጠብ የሚለው። ከመስከረም 2017 ዓ.ም. ጀምሮ የመብራት ታሪፍ በየጊዜው ከፍ እያለ ስለሆነ ይህ ወጪ ከኪራይ ቀጥሎ የሚቆጠር ሆኗል። ሹርባና ፍሪዝ ተመልሰው መወደዳቸው በዚህ በኩል ለባለቤቶቹ ሳያግዝ አልቀረም። ሹርባ መብራት አይበላም። በአንጻሩ ሂዩማን ሄር የምትለብስ ሴት ፔስትራውን ለዊጉም ትፈልገዋለች።

ሲበላሽ

ፎን ሲሞት ብዙ ጊዜ የሚሞተው በትንሽ ነገር ነው። ፀጉርና አቧራ የአየር መግቢያውን ይዘጋዋል፣ ሙቀቱ ይከማቻል፣ ፊውዙ ይቆረጣል። ጠጋኙ ይከፍተዋል፣ በብሩሽ ይጠርገዋል፣ ፊውዙን ይቀይራል። አንዳንዱ ፊውዙን አውጥቶ ሽቦውን በቀጥታ ያገናኘዋል። ይሠራል፣ ግን በሚቀጥለው ጊዜ ፊውዙ ሳይሆን እጀታው ይቀልጣል። ገመዱ የሚበጠሰው ደግሞ እጀታው ሥር ነው፣ ሥራ ሲያልቅ ፎኑ ላይ እየተጠመጠመ ስለሚቀመጥ። ቶንዶዝ የሚፈልገው ዘይትና ስለት ነው። ካስክ ግን ከባለቤት ባለቤት እየተላለፈ ዓመታት ይቆያል፣ ውስጡ ሞተርና ሽቦ እንጂ ሌላ ብዙ ነገር ስለሌለው።

የማይጠገነው በቆራሌው ጆንያ መርካቶ ውስጥ ምናለሽ ተራ ይገባል። እዚያ ይፈታል። ሞተሩ ለብቻ፣ ገመዱ ለብቻ፣ መዳቡ በኪሎ። የፔስትራ ሰሌዳዎች ከማን ፀጉር እንደቀረ የማይታወቅ ጥቁር ክር እንደያዙ ጆንያው ላይ ተዘርግፈው አይቻለሁ። አጠገባቸው አንድ ልጅ የቶንዶዝ ብሎን በጥርሱ ይዞ ሌላውን ይፈታ ነበር።