ኤም 54.16 ምንድን ነው?

የሕክምና ወረቀት ላይ «ኤም 54.16» የሚል የበሽታ መለያ ኮድ ተጽፎ ያየ ሁሉ «ዲስክህ ተንሸራቷል ማለት ነው» እያለ ማስረዳት ጀምሯል፤ ዲስክ የሚሉት በአከርካሪ አጥንቶች መካከል እንደ ትራስ ያለውን ነገር ነው። ሰሞኑን ደግሞ አንድ አስተያየት ሰጪ «ይህ ኮድ የተጻፈለት ሰው ቶሎ ቀዶ ሕክምና ካላገኘ ሽባ ይሆናል» ብሎ ጽፎ አየሁ። ከሥሩ ከሞጣና ከቢቸና የሆኑ ልጆች የአባታቸውን ወረቀት እየጠቀሱ ይጠይቁታል፤ እርሱም በልበ ሙሉነት ይመልሳል። ይህ በዝምታ የሚታለፍ አይደለም። እንዲህ ያለ ወሬ ሰምቶ የእርሻ በሬውን ሸጦ የሰውነትን ውስጥ ምስል ለሚያነሣው ኤምአርአይ ባሕር ዳር የሚወርድ ገበሬ አለ።

ኮዱ የሚለው ይህን ብቻ ነው፦ ከወገብ አካባቢ የሚወጣ የነርቭ ሥር፣ ማለትም ነርቩ ከአከርካሪ የሚነሣበት ክፍል፣ ተነክቷል። ኤም 54 የጀርባ ሕመሞች መደብ ነው፤ ከነጥቡ ቀጥሎ ያለው 1 የነርቭ ሥርን፣ መጨረሻ ላይ ያለው 6 ደግሞ ወገብን ያመለክታል። ሕመሙ በግራ ይሁን በቀኝ፣ ይበርታ ይቅለል፣ ሳምንት ይቆይ ዓመት አይናገርም። ምን እንዳመጣውም አይናገርም።

የዲስኩ ነገር እንዲያውም የተገላቢጦሽ ነው። ዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ 10ኛ ዕትም ኤም 54.1 ሥር «እነዚህን እዚህ አታስገባ» የሚል ማስታወሻ አለው። የነርቭ ሥሩን የነካው ዲስክ መሆኑ ከታወቀ ኮዱ ኤም 51.1 ነው፤ በዕድሜ የመጣ የአከርካሪ መገጣጠሚያ መበላት ከሆነ ኤም 47.2 ነው። ስለዚህ በደንቡ የሚሠራ ሐኪም 54.16 ብሎ ሲጽፍ ነርቩ መነካቱን በምርመራ አረጋግጧል፤ የነካውን ነገር ግን ገና አልለየም። አስተያየት ሰጪው ከወረቀቱ ያነበበው ወረቀቱ ላይ የሌለውን ነው።

የቡሬን ገበያ የሚያውቅ ሰው ይህን በቀላሉ ይረዳዋል። በርበሬ ተራ የተቀመጠ ጆንያ በርበሬ መያዙን ተራው ይነግራችኋል። ከየትኛው ማሳ እንደመጣ፣ ደረቅ ይሁን እርጥብ፣ ስንት እንደሚያወጣ ግን ጆንያው ተፈቶ ካልታየ አይታወቅም። ሲፈታ ሌላ እህል ሆኖ ከተገኘ ደግሞ ተነሥቶ ወደ ተራው ይሄዳል። ኮድም እንዲሁ ምርመራው ሲገፋ ይቀየራል፤ ሊቀየርም ይገባል። አንዳንዱ በሽታ በሁለት ተራ የሚመዘገብበት ጊዜም አለ። የአከርካሪ ቲቢ ኤ 18.0 ተብሎ በበሽታው፣ ኤም 49.0 ተብሎ ደግሞ በተጎዳው አካል ይመዘገባል።

ቲቢን ያነሣሁት ያለ ምክንያት አይደለም። በአገራችን የወገብ ሕመም ላይ ትኩሳት፣ የሌሊት ላብና ክብደት መቀነስ ሲጨመርበት 54.16 ብሎ ጽፎ ማስታገሻ ሰጥቶ መሸኘት አደገኛ ነው። ሽንቱ እምቢ ያለው ወይም የሚያመልጠው፣ በጭኖቹ መካከል የደነዘዘው፣ ሁለቱም እግሮቹ የከዱት ሰው ደግሞ ኮድም ወረፋም ሳይጠብቅ በዚያው ዕለት ሆስፒታል መድረስ አለበት። ሽባነት የሚያሰጋው እዚህ ላይ ነው፤ ኮዱም ሌላ ነው፣ ጂ 83.4።

ከዚህ ውጭ ያለው አብዛኛው የነርቭ ሥር ሕመም በሳምንታትና በጥቂት ወራት ውስጥ ያለ ቀዶ ሕክምና እየቀለለ ይሄዳል። ቀዶ ሕክምና የሚታሰበው የእግር ጡንቻ እየደከመ ከሄደ ወይም ሕመሙ በተገቢው ሕክምና ከሳምንታት በኋላም አልበርድ ካለ ነው። ኤምአርአይም ብቻውን ፈራጅ አይሆንም፤ ወገባቸውን አንድም ቀን ታመው የማያውቁ ብዙ ሰዎች ቢነሡ ያበጠ ዲስክ ይገኝባቸዋል። ምስሉ ትርጉም የሚኖረው ሐኪሙ በእጁ ካገኘው ጋር ሲገጥም ነው፦ ሕመሙ ከጉልበት በታች የሚወርድበት መስመር፣ የእግር አውራ ጣት ወደ ላይ ለመነሣት ያለው ኃይል፣ ቁርጭምጭሚት ላይ ሲመታ የሚታየው ምላሽ፣ በጀርባ ተኝቶ እግርን ቀጥ አድርጎ ሲያነሡት የሚመጣው ሕመም።

ለሙያ ጓደኞቼም አንድ ነገር አለኝ። ጤፍ ሲያጭድ ሰንብቶ ወገቡን ብቻ የሚያመው፣ ወደ እግሩ የሚወርድ ሕመምም መደንዘዝም የሌለው ሰው ኤም 54.5 ነው። ኮምፒውተሩ ላይ ቀድሞ ስለመጣ ብቻ 54.16 የምትመርጡለት ከሆነ ያልተነካ ነርቭ ተነካ ብላችሁ መጻፋችሁ ነው፤ ሰውየውም ያንን ወረቀት ይዞ ወደዚያ አስተያየት ሰጪ ይሄዳል። የበሽታዎች ምደባው 11ኛ ዕትም እ.ኤ.አ. ከ2022 ጀምሮ ሥራ ላይ ስለዋለ የቁጥሮቹ አጻጻፍም ተለውጧል። አባታችሁ ከሁለት ሆስፒታሎች ሁለት የማይመሳሰሉ ኮዶች ይዘው ቢመጡ በሽታው ተለወጠ ብላችሁ ከመደንገጣችሁ በፊት በየትኛው ዕትም እንደተጻፈ ሐኪሙን ጠይቁ።