«ዲኤልኤል ጠፋ» ሲባል፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ባለፈው ሰሞን ድሬዳዋ ከዚራ ወደምሠራበት የኮምፒውተር ጥገና ሱቅ አንዲት እናት ላፕቶፕ በፌስታል ይዘው መጡ። ታይዋን ገበያ ጨርቅ ይሸጣሉ። የሒሳብ ፕሮግራማቸው አልከፍት ብሏል። ስክሪኑ ላይ «ሊብኤክስኤምኤል2 ዲኤልኤል ስለጠፋ ፕሮግራሙ መነሳት አይችልም» የሚል መልእክት ይወጣል። «አቦ ልጄ፣ ቫይረስ ነው፣ ፎርማት ይደረግ አሉኝ። የሁለት ዓመት ሒሳቤ እኮ እዚያ ውስጥ ነው!» አሉኝ። እንዲህ ዓይነት ወሬ በየቀኑ ስለምሰማ አንድ በአንድ ላንሳው።

«ዲኤልኤል ቫይረስ ነው።» አይደለም። ፕሮግራሞች የሚጋሩት የኮድ ፋይል ነው። ተከራይ ሁሉ የሚወቅጥበትን የግቢ ሙቀጫ አስቡ። የሊብኤክስኤምኤል2 ሥራ ማንበብ ነው። ደረሰኝ በኤክስኤምኤል፣ ማለትም መረጃን በምልክት እየከፈለ በሚያስቀምጥ የጽሑፍ አሠራር፣ ሲቀመጥ «ዋጋ» የሚል ምልክት ይከፈታል፣ 850 ይጻፋል፣ ምልክቱ ይዘጋል። የቱ ዋጋ፣ የቱ የዕቃ ስም እንደሆነ ለይቶ ለፕሮግራሙ የሚያቀብለው ይህ ፋይል ነው። እሱ ከሌለ ፕሮግራሙ አይነሳም። ሒሳቡ ግን ሌላ ፋይል ውስጥ ስላለ አልተነካም። ፎርማት ቢደረግ ነበር የሚጠፋው።

«ተመሳሳይ ስም ያለው ፋይል ሦስት ቦታ ካለ ትርፉን አጥፋው።» የእናታችን ጣጣ የመጣው ከዚህ ነው። የጎረቤት ልጅ ቦታ ላስለቅቅ ብሎ «ድግግሞሽ» ያለውን ሰረዘ። ድሮ ብዙ ፕሮግራሞች አንዱን ፋይል ይጋሩ ነበር። አዲስ ፕሮግራም ሲጫን ፋይሉን በራሱ ይተካውና የሌላው ይበላሻል። ስለዚህ ዛሬ ብዙዎቹ የራሳቸውን ቅጂ በራሳቸው ፎልደር ይዘው ይመጣሉ። ሙቀጫውን ሁሉም ለየራሱ ገዛ ማለት ነው። ጎረቤት ፎልደር ያለውን ፕሮግራሙ ሄዶ አይፈልገውም።

«ከኢንተርኔት አውርደህ ሲስተም32 በሚባለው የዊንዶውስ ፎልደር ውስጥ ጣለው።» አጥብቄ የምለምናችሁ እዚህ ላይ ነው። ልጁ ይህንንም ሞክሮ ነበር። መልእክቱ ያው ነው፤ ፕሮግራሙ አልተነሳም። ፕሮግራሞች ባለ 32 ወይም ባለ 64 ቢት በሚባሉ ሁለት ዓይነቶች ይሠራሉ፤ ያወረደው ባለ 64 ነው፣ ፕሮግራሙ ደግሞ ባለ 32። ሁለቱ አይገጥሙም። ስሙም ያሳስታል፦ በ64 ቢት ዊንዶውስ ሲስተም32 የሚባለው ፎልደር የ64 ቢት ፋይሎች ቤት ነው። የ32ቶቹ ያሉት ሲስዋው64 በሚባል ሌላ ፎልደር ውስጥ ነው፤ ባለ 32 ፕሮግራም የሚያየውም እሱን ነው።

ከዚህ የሚብሰው ግን ሌላ ነው። ዲኤልኤል ሲጫን የጠራው ፕሮግራም ያለውን ሥልጣን ሁሉ ይዞ ይሠራል። ማን እንደነካካው የማታውቁትን ፋይል ስታስገቡ የሒሳብ መዝገባችሁን ለማታውቁት ሰው እየሰጣችሁ ነው። ትክክለኛው መንገድ ፕሮግራሙን ከሠሪው በተገኘ ኢንስቶለር (መጫኛ ፋይል) እንደገና መጫን ነው። ከዚያ በፊት ዳታውን ፍላሽ ላይ ገልብጡ።

«ሬግስቨር32 ሁሉንም ያስተካክላል።» ያ ዲኤልኤልን ዊንዶውስ ላይ የሚመዘግብ ትእዛዝ ነው፤ የሚሠራውም ለመመዝገብ ለተሠሩት ብቻ ነው፤ ሊብኤክስኤምኤል2 ከእነሱ አይደለም። ኤስኤፍሲ የሚባለው የዊንዶውስ መጠገኛ ትእዛዝም የዊንዶውስን የራሱን ፋይሎች እንጂ የሌላ ፕሮግራም ፋይል አይመልስም።

«አዲሱ ሁልጊዜ ይሻላል።» ግማሹ እውነት ነው። ከውጭ የመጣ ፋይል የሚያነብ ኮድ ሆን ተብሎ በተበላሸ ፋይል ሊጠቃ ስለሚችል ማደስ ያስፈልጋል። ግን ፕሮግራሙ የተሠራው የፋይሉ የተወሰነ እትም (ቨርዥን) ታስቦ ነው። በእጅ ስትቀይሩት የሚፈልገውን ሊያጣ ይችላል። እድሳቱ ከፕሮግራሙ ሠሪ ይምጣ።

ልጁ የጣለውን ፋይል አወጣሁ፣ ዳታውን ገለበጥኩ፣ ፕሮግራሙን እንደገና ጫንኩ። ደረሰኞቹ ተደርድረው ሲመጡ እናታችን ጣታቸውን ስክሪኑ ላይ አድርገው የመጨረሻውን ዋጋ ጮክ ብለው አነበቡ። ኢንስቶለሩን ፍላሽ ላይ ጭኜ ሰጠኋቸው።